ዳቪንቺ ሪዞልቭ በዘጋቢ ፊልም ኤዲተር ወንበር ላይ

ለ52 ደቂቃ ዘጋቢ ፊልም 60 ሰዓት ፉቴጅ (የተቀረጸ ምስል) ይዞ መቀመጥ ያለ ነገር ነው። ግማሹ ቃለ መጠይቅ፣ ቀሪው ባለታሪኩን ከቤት ገበያ፣ ከገበያ ቤት እየተከተለ የተቀረጸ ነው። የማስታወቂያ ወይም የሙዚቃ ክሊፕ ኤዲተር ጊዜውን የሚጨርሰው ሲቆርጥ ነው፤ የዘጋቢ ፊልም ኤዲተር ግን ሲፈልግ ነው። ታሪኩ ቅርጽ የሚይዘው ቀረጻው ካለቀ በኋላ እሱ ጋ ስለሆነ፣ አንድ ፕሮግራም ለዚህ ሙያ መሆን አለመሆኑን የኤፌክቱ ብዛት አይወስነውም። ሥራው በተጀመረ በሦስተኛው ወር ዳይሬክተሩ «እናትየው ስለ ውኃው የተናገሩት የታለ?» ብሎ ሲጠይቅ ያ ቦታ በስንት ደቂቃ ይገኛል? ሪዞልቭን፣ ማለትም ቪዲዮ መቁረጫ፣ ቀለም ማረሚያና ድምፅ ማስተካከያ በአንድ የያዘውን ፕሮግራም፣ እዚህ የመዘንነው በዚህ ሚዛን ነው።

ፕሮግራሙ ሲፈጠር የኤዲቲንግ መሣሪያ አልነበረም። ዳ ቪንቺ ሲስተምስ የተባለው የአሜሪካ ድርጅት የሠራው የቀለም ማረሚያ ሲሆን፣ በመቶ ሺዎች ዶላር እየተሸጠ ትልልቅ ስቱዲዮዎች ብቻ ነበሩ የሚገዙት። በ2009 የአውስትራሊያው ብላክማጂክ ዲዛይን ድርጅቱን ገዛው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። በ2011 ነፃው ወጣ፤ በ2017 ደግሞ ስቱዲዮ የሚባለው የሚከፈልበት ስሪት ዋጋ ወደ 299 ዶላር ወረደ። በዚያው ዓመት የድምፅ ክፍሉ ፌርላይት፣ በ2018 የኤፌክት ክፍሉ ፊውዥን ተጨመሩ። ይህን ታሪክ ማወቅ ይጠቅማል፤ ቀለሙ ለምን እንደዚያ ጠንካራ እንደሆነ፣ ኤዲቲንጉ ደግሞ ለምን አንዳንድ ቦታ ላይ ዘግይቶ የተገጠመ ክፍል እንደሚመስል ያስረዳል።

ፍርዳችንን ከወዲሁ እንናገር። በግልም ሆነ በትንሽ ቡድን ለሚሠራ የዘጋቢ ፊልም ኤዲተር ዛሬ በነፃ ከሚገኙት ውስጥ ከዚህ የተሻለ የለም። ነፃው ስሪት የውኃ ምልክት አይጥልም፣ የሙከራ ጊዜ የለውም፣ እስከ 3840 በ2160 (4ኬ) ድረስ ያወጣል። ከራፍ ከት (የመጀመሪያው ሻካራ ቆረጣ) እስከ ፒክቸር ሎክ (ቆረጣው ከእንግዲህ የማይነካበት ደረጃ) ድረስ ምንም ሳይከፍሉ መሥራት ይቻላል። ስቱዲዮውን ለመግዛት ሦስት በቂ ምክንያቶች አሉ፦ ካሜራው 10 ቢት (ከ8 ቢት የበለጠ የቀለም እርከን የሚይዝ) ሲሆን፣ በጨለማ የተቀረጸው ብዙ ሲሆንና ማጽጃ ሲያስፈልግ፣ ወይም ቃለ መጠይቁ ጫጫታ ውስጥ ተቀርጾ ድምፅ መለየት ግድ ሲሆን። በጨለማ ምስል ላይ የሚመጣውን ነጠብጣብ የሚያጸዳውም ሆነ ንግግርን ከጫጫታ የሚለየው መሣሪያ በነፃው ውስጥ የሉም። በማስታወቂያው ላይ ጎልቶ የሚታየው ንግግርን ወደ ጽሑፍ የመገልበጥ ችሎታ ግን ለእኛ መግዣ ምክንያት አይሆንም፤ ለምን እንደሆነ ወደ ታች እንመለስበታለን።

መጀመሪያ ስለ 10 ቢቱ። ከአዲሶቹ ሚረርለስ ካሜራዎች ብዙዎቹ ኤች.264 ወይም ኤች.265 በሚባሉ የቪዲዮ መጭመቂያዎች፣ በ10 ቢት 4፡2፡2 (የቀለም ዝርዝሩን አብዝቶ በሚይዝ አቀራረጽ) ይቀርጻሉ። እንዲህ ያለውን ፋይል በዊንዶውስ ላይ በነፃው ሪዞልቭ ስትከፍቱት ድምፁ ይሰማል፣ ምስሉ ቦታ ላይ ግን «ሚዲያ ኦፍላይን» የሚል ቀይ ሰሌዳ ይመጣል። ካርዱ የተበላሸ መስሏቸው ካሜራማኑን የሚያስጨንቁ አሉ፤ ፋይሉ ደህና ነው። ማክ ላይ ይህ ችግር የለም። ሊኑክስ ላይ ይብሳል፤ ነፃው ኤች.264ን ራሱ አይከፍትም፣ ኤኤሲ የተባለውን የድምፅ ዓይነት ደግሞ በብዙ ስሪቶች ላይ የሚከፈልበትም አያነብም። ዊንዶውስ ላይ ላላችሁ መፍትሔው ሁለት ነው፤ ወይ ስቱዲዮውን መግዛት፣ ወይ ሹተር ኢንኮደር በሚባለው ነፃ ፕሮግራም ሁሉንም ለኤዲቲንግ ወደሚመቸው የፋይል ዓይነት፣ ወደ ዲኤንኤክስ-ኤችአር ኤችኪውኤክስ፣ መቀየር። ከመቀየር በፊት ግን ሒሳቡን ሥሩ። በሰከንድ 140 ሜጋቢት የተቀረጸ አንድ ሰዓት 63 ጊጋባይት ገደማ ነው፤ ያው አንድ ሰዓት በ4ኬ ወደ ኤችኪውኤክስ ሲቀየር ከ300 ጊጋባይት ያልፋል። 60 ሰዓት ሲሆን የሃርድ ዲስኩ ወጪ ከፈቃዱ ዋጋ እንደሚበልጥ ለማወቅ ካልኩሌተር አያስፈልግም።

ካሜራው 8 ቢት ከሆነና ፋይሉ የሚከፈት ከሆነም በዋናው ፋይል ላይ መቁረጥ አይመከርም። ኤች.264 ለመቅረጽ እንጂ ወደ ፊትና ወደ ኋላ እየተመላለሱ ለማየት የተሠራ አይደለም፤ አንድ ፍሬም ለማሳየት ከፊቱና ከኋላው ያሉትን መፍታት ስላለበት ላፕቶፑ ይንገዳገዳል። እዚህ የሪዞልቭ ፕሮክሲ (ለመቁረጥ ብቻ የሚሠራ ቀላል ቅጂ) አሠራር በጣም ጥሩ ነው። ክሊፖቹን ሚዲያ ፑል (ፋይሎቹ የሚሰበሰቡበት ሰሌዳ) ውስጥ መርጣችሁ፣ በቀኝ ተጭናችሁ፣ «ጄነሬት ፕሮክሲ ሚዲያ» ትላላችሁ። ከዚያ በፊት በፕሮጀክት ሴቲንግ ውስጥ ዓይነቱን ዲኤንኤክስ-ኤችአር ኤልቢ፣ መጠኑንም በ1080 እንዲሆን አድርጉ። በዚህ መጠን በ25 ፍሬም አንድ ሰዓት 16 ጊጋባይት ያህል ይይዛል፤ ስለዚህ 60 ሰዓቱ በአንድ ቴራባይት ዲስክ ላይ ለጥቂት ይገባል። ትልቁን ዋና ፋይል ቢሮ አስቀምጣችሁ ፕሮክሲውን ብቻ በኪስ ዲስክ ይዛችሁ የትም መሥራት ትችላላችሁ። ፕሮክሲው በአዳር ይሠራ፤ ቀን ላይ ሥራ እያስያዙት ማሽኑን ማስጨነቅ ትርፉ ድካም ነው።

ፕሮክሲ ላይ የሚደርሰው ጉዳት ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው፣ የካርድ ቅጂው ላይ የፋይሉን ስም የሚቀይር ረዳት ነው። ካሜራዎች በየካርዱ ቁጥራቸውን ከመጀመሪያው ስለሚጀምሩ ተመሳሳይ ስም ያላቸው ፋይሎች ይበዛሉ፤ ረዳቱ ለማስተካከል ብሎ መሐል መንገድ ላይ ስም ሲቀይር ፕሮክሲውና ዋናው ይለያያሉ። ስም መቀየር ካለበት ወደ ሪዞልቭ ከመግባቱ በፊት፣ አንድ ጊዜ፣ ለሁሉም ቅጂ ይቀየር። ሁለተኛው መጨረሻ ላይ ነው፦ ፊልሙ በሚወጣበት ዴሊቨር ገጽ ላይ «ዩዝ ፕሮክሲ ሚዲያ» የሚለው ሳጥን ምልክት ተደርጎበት ከሆነ ፊልሙ ከፕሮክሲው ይወጣል። በላፕቶፕ ስክሪን አይታወቅም፤ ትልቅ ስክሪን ላይ ግን ፊት ሁሉ ይደበዝዛል።

የፍሬም ቁጥሩ (በሰከንድ የሚቀረጸው ምስል ብዛት) ነገር ከማንኛውም በላይ ሰው የሚያስለቅስ ነው። ሪዞልቭ የፕሮጀክቱን ፍሬም ሬት የመጀመሪያው ክሊፕ ከገባ በኋላ አያስቀይርም። ባዶ ፕሮጀክት ከፍታችሁ መጀመሪያ የጎተታችሁት በስልክ ወይም በድሮን በ30 የተቀረጸ ከሆነ «ልቀይረው?» ብሎ ይጠይቃል፤ ሳታነቡ እሺ ካላችሁ ሙሉው ፊልም 30 ሆነ ማለት ነው። ሌላ ታይምላይን (ክሊፖቹ የሚደረደሩበት መስመር) በሌላ ቁጥር መክፈት ቢቻልም ችግሩ ከታወቀበት ጊዜ በፊት የተሠራውን አያድነውም። ኢትዮጵያ ውስጥ መብራቱ 50 ኸርዝ ስለሆነ በ25 መቅረጽና በ25 መቁረጥ ትክክለኛው ነው፤ ሹተሩ (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያገኝበት ጊዜ) የሰከንድ አንድ ሃምሳኛ። በ30 እና በአንድ ስልሳኛ የተቀረጸ የቢሮ ቃለ መጠይቅ ከአምፖሉ የተነሳ ግድግዳው ላይ የሚሄድ ጥላ ያመጣል። ያንን ብልጭታ የሚያጠፋው መሣሪያ ደግሞ ስቱዲዮው ላይ ብቻ ነው፤ ከቀረጻው በፊት ለካሜራማኑ የሚነገር አንድ ቃል ርካሽ ነው።

ስልክ የሚቀርጸው ቪዲዮ ደግሞ ቋሚ ፍሬም ሬት የለውም። መጀመሪያ ላይ ከንፈርና ድምፅ ይገጥማል፣ ሃያ ደቂቃ ላይ ይለያያል። ከዳያስፖራ ቤተሰብ በቴሌግራም የተላከ የሠርግ ወይም የለቅሶ ቪዲዮ ሁሉ በዚህ ይጠረጠራል። ሪዞልቭ ይህን ራሱ አያስተካክልም። ሃንድብሬክ ወይም ሹተር ኢንኮደር ውስጥ «ኮንስታንት 25» አድርጎ ቀድሞ ማውጣት ነው።

አሁን ወደ መፈለጉ። ሪዞልቭ ለእያንዳንዱ ክሊፕ መግለጫ፣ ቁልፍ ቃል፣ የተናጋሪ ስም የሚጻፍበት ሰሌዳ አለው፤ በዚያ ላይ ተመሥርቶ ራሱ የሚሞላ ስማርት ቢን (የክሊፕ ማኅደር) ይሠራል። «ገበያ» የሚል ቁልፍ ቃል ያላቸው ሁሉ በአንድ ቢን ይሰበሰባሉ፣ አዲስ ሲገባም ይጨመራል። መግለጫው በአማርኛ ይጻፋል፣ በአማርኛም ይፈለጋል። ነገር ግን ማሽኑ ሀ፣ ሐ እና ኀ አንድ ድምፅ መሆናቸውን አያውቅም። አንዱ ረዳት «ፀሐይ» ሌላው «ጸሃይ» ብሎ ከጻፈ፣ አንዱ «ሠርግ» ሌላው «ሰርግ» ካለ፣ ፍለጋው ግማሹን ብቻ ያወጣል፤ ያልወጣው መኖሩንም ማንም አያውቅም። ስለዚህ ሎግ (ፉቴጁን እያዩ መመዝገብ) ከመጀመሩ በፊት ሠላሳ አርባ ቁልፍ ቃላት ከነአጻጻፋቸው በአንድ ወረቀት ላይ ይውጡና ግድግዳ ላይ ይለጠፉ። ከዚያ ውጪ አዲስ ቃል የሚጨምረው ኤዲተሩ ብቻ ይሁን።

ሰዓቱም እንደዚሁ ነው። የመስክ ማስታወሻው «ጠዋት 3 ሰዓት፣ ከወይዘሮዋ ጋር ቡና ላይ» ይላል፤ ካሜራው ደግሞ 9 ይላል። ሰዓቱ በስድስት፣ ቀኑ በዘመን አቆጣጠሩ ይለያያል፤ የጳጉሜን ቀረጻ የገጠመው ረዳት ደግሞ ይበልጥ ይደናገራል። ፎልደሩ በካሜራው ቀን ይሰየም፣ በማስታወሻው ላይ ያለው ሰዓት ከመግባቱ በፊት ወደ ካሜራው ሰዓት ይቀየር። ተራ ነገር ይመስላል፤ የስድስት ሰዓት ልዩነት ያለበት ሎግ ግን ከሌለ ሎግ አይሻልም።

ወደ ንግግር ግልበጣው እንምጣ። ከ18.5 ጀምሮ ስቱዲዮው ቃለ መጠይቅን ራሱ ወደ ጽሑፍ ገልብጦ፣ ጽሑፉን ስትመርጡ ቪዲዮውን እንዲቆርጥ ያደርጋል። በእንግሊዝኛ ለሚሠራ የዘጋቢ ፊልም ኤዲተር ይህ የሳምንታት ሥራ ያስቀራል። አማርኛ በቋንቋ ዝርዝሩ ውስጥ የለም። ከውጭ ያሉትን መሞከር ይቻላል፤ ዊስፐር የተባለው ንግግር ገልባጭ አማርኛን ቢቀበልም የሚያወጣው ጽሑፍ በስህተት የተሞላ ስለሆነ ለመቁረጥ መመኪያ አይሆንም፣ በተለይ ተናጋሪው ከከተማ አነጋገር ሲርቅ። የሚሠራ አንድ ዘዴ አለ፦ አንድ ሰው ማዳመጫ አድርጎ ቃለ መጠይቁን እየሰማ ራሱ በጠራ ድምፅ ይደግመዋል፣ ጎግል ዶክስ ላይ አማርኛ የመረጠው የድምፅ መተየቢያ ይጽፈዋል። ስህተቱ ይቀንሳል፣ ነጥቡንና ሰዓቱን ግን በእጅ ማስገባት ያስፈልጋል። በእጅ ብቻ ለሚገለብጥ ሰው ለአንድ ሰዓት ቃለ መጠይቅ አምስትና ስድስት ሰዓት ይያዝለት፤ ክፍያውም በዚያ ይታሰብ። በጀት ሲሠራ ይህን መስመር የሚረሳ አዘጋጅ በኋላ ኤዲተሩን «ለምን ዘገየ?» ይላል።

የተገለበጠውን ጽሑፍ በኤስአርቲ (የሰብታይትል) ፋይል ካዘጋጃችሁት ሪዞልቭ ውስጥ ጥሩ ጥቅም አለው። ለእያንዳንዱ ባለታሪክ አንድ ታይምላይን ይከፈት፣ ሙሉ ቃለ መጠይቁ ሳይቆረጥ ይቀመጥ፣ ኤስአርቲው ከላዩ በሰብታይትል ትራክ ላይ ይውረድ። ከዚያ የምትፈልጉትን ቦታ ቪዲዮውንና ጽሑፉን አብራችሁ መርጣችሁ ወደ መሰብሰቢያው ታይምላይን ትገለብጣላችሁ። ዳይሬክተሩ ቋንቋውን የማይሰማ የውጭ ሰው ቢሆን እንኳ እያነበበ ይከተላል። ጽሑፍ ማዘጋጀት ካልተቻለ ማርከር አለ፤ ኤም አንዴ ሲጫኑ ምልክት፣ ደግመው ሲጫኑ መጻፊያ ሳጥኑ ይመጣል። ለቀለማቱ ትርጉም ስጡ፤ ቀይ ለጠንካራ ንግግር፣ ሰማያዊ ለመረጃ፣ ቢጫ ለሚጣራ ጉዳይ። ከአራት ቀለም በላይ ካደረጋችሁት ማንም አያስታውሰውም።

በውጭ አገር ኤዲተር እጅ የገባ የአማርኛ ቃለ መጠይቅ ላይ ደጋግሞ የሚታይ አደጋ አለ፤ ፕሮግራሙ የሚያመጣው ባይሆንም እዚህ መነገር አለበት። አማርኛ ግሱን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል፤ የሌላ ሰውን ንግግር ስንናገርም በራሱ በሰውየው አንደበት ጠቅሰን «አለኝ» ብለን እንዘጋለን። «መሬቱን ካልለቀቅህ ቤትህን አቃጥላለሁ አለኝ» ያለውን ሰው ዌቭፎርም (የድምፁን ሞገድ ሥዕል) እያየ የሚቆርጥ ኤዲተር «አለኝ»ን ካስቀረው፣ ተበዳዩ አስፈራሪ ሆኖ ስክሪን ላይ ይወጣል። በዚያ ላይ የዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ ድምፅ ይወርዳል፤ ዌቭፎርሙ ባዶ ይመስላል እንጂ «ነበር» እዚያ ውስጥ አለ። ከእያንዳንዱ ንግግር መጨረሻ በኋላ አምስት ስድስት ፍሬም ተርፎ ይቆረጥ፣ ቋንቋውን የሚሰማ ሰው ሳያዳምጠው ፒክቸር ሎክ አይባል።

ታይምላይን አያያዙ ላይ ሪዞልቭ ከሌላው የኤዲቲንግ ፕሮግራም ከፕሪሚየር አይተናነስም። ከት ገጽ ላይ ያለው «ሶርስ ቴፕ» በቢኑ ያሉትን ክሊፖች ሁሉ እንደ አንድ ረጅም ካሴት አያይዞ ያሳያል፤ አንድ ቀን ሙሉ የተቀረጸ ቢ-ሮል (ከቃለ መጠይቁ ውጪ ያለ ምስል) ለማየት ከዚህ የተሻለ መንገድ አላየንም። ከዚያ ውጪ ያ ገጽ ለዘጋቢ ፊልም ብዙ አይጠቅምም፤ ሥራው ኤዲት ገጽ ላይ ነው። ልማዱ ይህ ይሁን፦ ከእያንዳንዱ ማሳያ በፊት ታይምላይኑን ዱፕሊኬት አድርጉ፣ ቀኑንና ቁጥሩን ጻፉበት፣ አሮጌውን «የቆዩ» ወደሚል ቢን ውሰዱት። አዘጋጁ «ባለፈው ሳምንት የነበረው መግቢያ ይሻል ነበር» ማለቱ አይቀርም። ሆኖም ስልሳ ሰባ ረጃጅም ታይምላይን የተከማቸበት ፕሮጀክት ለመክፈትም ለማስቀመጥም ይዘገያል። ይህ የሪዞልቭ እውነተኛ ድክመት ነው፤ አቪድ የተባለው የኤዲቲንግ ፕሮግራም በዚህ ረገድ ዛሬም ይበልጠዋል። አሮጌዎቹን በዲአርቲ (የታይምላይን) ፋይል አውጥታችሁ ከፕሮጀክቱ ሰርዟቸው፣ ሲፈለጉ ተመልሰው ይገባሉ።

የድምፅና የምስል ማገጣጠሙ (ሲንክ) በአብዛኛው ያለ ችግር ይሄዳል። ክሊፖቹንና የሪከርደሩን ፋይሎች መርጦ «ኦቶ ሲንክ» በዌቭፎርም፣ የካሜራውንም ድምፅ እንዲያስቀር «አፔንድ ትራክስ» ያለበትን መምረጥ ነው። የሚከሽፈው የካሜራው ማይክ ከተናጋሪው ርቆ ሲቆም፣ ወይም ቅዳሴና ገበያ ላይ ሁለቱ ማይኮች የተለያየ ነገር ሲሰሙ ነው። ያኔ አንድ ጭብጨባ ሰዓታት ያድናል።

የግዕዝ ፊደል ሰብታይትል ራሱን የቻለ ፈተና ነው፤ ግን ምክንያቱ ሲታወቅ ይፈታል። ካሬ ካሬ ሳጥን ከታየ የተመረጠው ፎንት ፊደላችን የለውም፤ ሪዞልቭ ሁልጊዜ ራሱ ምትክ አይፈልግም፣ በተለይ በፊውዥኑ «ቴክስት ፕላስ» ላይ። ዊንዶውስ ኢብሪማ፣ ማክ ከፋ የሚባሉ ፎንቶች አላቸው፤ ፕሮጀክቱ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲሄድ ግን ይጠፋሉ። ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክን ወይም አቢሲኒካ ኤስአይኤልን በሁለቱም ማሽን ላይ መጫን ይህን ይዘጋል፤ ሁለቱም ነፃ ናቸው። የጥያቄ ምልክት ተደርድሮ ከመጣ ኤስአርቲው በዩቲኤፍ-8 አልተቀመጠም፤ በኖትፓድ ከፍቶ «ሴቭ አዝ» ላይ መቀየር ነው፣ ጥያቄ ምልክቱ ፋይሉ ውስጥ ገብቶ ከተቀመጠ ግን አይመለስም፣ ከዋናው ጽሑፍ እንደገና ይሠራል። ከቢሮ የመጣ ጽሑፍ ትርጉም የሌለው የላቲን ፊደል ሆኖ ከታየ ደግሞ እንደ ቪዥዋል ግዕዝ ባለ ዩኒኮድ ያልሆነ የድሮ ፎንት የተተየበ ነው፤ መቀየሪያ ካልተገኘ እንደገና መተየብ ነው።

ርዝመቱን በተመለከተ፣ በላቲን ፊደል በአንድ መስመር 42 ፊደል የሚለውን ልማድ ወደ አማርኛ አታምጡት። የእኛ ፊደል ሰፊ ነው፣ አንዱም ተነባቢና አናባቢ ይዟል፤ ከ28 እስከ 30 ፊደል በመስመር፣ ከሁለት መስመር ሳይበልጥ ይመቻል። ወደ እንግሊዝኛ ሲተረጎም ግሱ ቀድሞ ስለሚመጣ ተመልካቹ ባለታሪኩ ከመናገሩ በፊት መጨረሻውን ያውቃል። አንዲት እናት «ልጄን… ከዚያ በኋላ… አላየሁትም» እያሉ ሲያቃስቱ ጽሑፉ ከመጀመሪያው ቃል ጋር ሁሉንም ከነገረ ትዕይንቱ ሞተ። ጽሑፉን ሁለት ቦታ ከፍሎ ቁልፉን ቃል ከግሱ ጋር ማውጣት ይገባል። ሲወጣ ዴሊቨር ገጽ ላይ ምስሉ ላይ ታትሞ ወይም ለብቻው ፋይል ሆኖ እንዲወጣ ይመረጣል፤ ለፌስቲቫል ሁለቱንም አዘጋጁ።

ስለ ቀለሙ ብዙ ማለት አያስፈልግም፤ ከዚህ ዋጋ በታች ተወዳዳሪ የለውም። ፌርላይት ለንግግር ማስተካከያ ከበቂ በላይ ነው፤ ለአውሮፓ ቴሌቪዥን ወደ ከ0 በታች 23 ሉፍስ (የድምፅ ጉልበት መለኪያ)፣ ለዩቲዩብ ደግሞ ወደ ከ0 በታች 14 ሉፍስ የድምፅ መጠኑን እያያችሁ ማውረድ ትችላላችሁ። ፊውዥን ለካርታና ለስም ጽሑፍ ይጠቅማል፣ ግን ማሽኑን ይበላል። ለኤዲቲንግ 16 ጊጋባይት ራም ይበቃል፤ ፊውዥን ከተነካ 32 ነው የሚመከረው። ራሱን የቻለ ግራፊክስ ካርድ የሌለው ላፕቶፕ ላይ «የጂፒዩ ሜሞሪ ሞልቷል» የሚለው መልእክት ቤተኛ ይሆናል። ሙሉ ኮምፒውተር ለመግዛት የምታስቡ ከሆነ ገንዘቡን ከፕሮሰሰሩ ይልቅ ለግራፊክስ ካርዱ አድሉ።

መብራት ለሚጠፋበት አገር አንድ ጥሩ ነገር አለው፦ «ላይቭ ሴቭ» የሠራችሁትን እያንዳንዷን ቆረጣ ወዲያው ያስቀምጣል። ጣጣው ግን መብራቱ በሚጽፍበት ቅጽበት ከጠፋ የፕሮጀክት ቤተ መጻሕፍቱ ራሱ ሊጎዳ መቻሉ ነው። ስለዚህ ፕሪፈረንስ ውስጥ ገብታችሁ «ፕሮጀክት ባክአፕ» ምልክት መደረጉን አረጋግጡ፣ በየ10 ደቂቃው አድርጉት፣ የሚቀመጥበትንም ቦታ ፕሮጀክቱ ካለበት ዲስክ ወደ ሌላ ዲስክ ቀይሩ። ይህ ባክአፕ ቆረጣውን እንጂ ፉቴጁን አይዝም። ማታ ከመነሳት በፊት ፕሮጀክቱን በዲአርፒ (የፕሮጀክት) ፋይል አውጥቶ ለራስ በቴሌግራም መላክ ደቂቃ አይፈጅም፣ ፋይሉም ቀላል ነው። ፉቴጁ በሦስት ዲስክ ይኑር፣ አንዱ ከቢሮ ውጪ። ዴስክቶፕ ያለ ዩፒኤስ አይሠራበት።

ሁለት ሰው በአንድ ፊልም ላይ ሲሠራ የብላክማጂክ ክላውድ የፕሮጀክት ቤተ መጻሕፍት በወር 5 ዶላር ይከራያል። ክፍያው የውጭ ካርድ ይፈልጋል፤ ለዋሽንግተንና አዲስ አበባ ጥምር ሥራ ግን ዋሽንግተን ያለው ከፍሎ ሁለቱም ይጠቀማሉ። ፉቴጁን በኢንተርኔት ለማመሳሰል አትሞክሩ፤ አንድ ዓይነት ፕሮክሲ በሁለቱም ቦታ በዲስክ ይኑር፣ የሚመላለሰው ቆረጣው ብቻ ይሁን። ይህም ካልሆነ ዲአርቲ ፋይል በመልእክት መላላክ ያው ሥራ ይሠራል፣ አንድ ሰው ብቻ በአንድ ጊዜ እንዲነካው እስከተስማማችሁ ድረስ።

በሙያው ሊኖሩበት ለሚያስቡ ሁሉ አንድ ማሳሰቢያ አለን፤ ሪዞልቭን ብቻ ማወቅ ሥራ ያሳጣል። ከውጭ አዘጋጆች ጋር ሲሠራ ብዙ ጊዜ አቪድ ወይም ፕሪሚየር ይጠየቃል፤ ሪዞልቭ የሚያውቅ ሲባል ብዙዎቹ ከለሪስት (ቀለም አራሚ) ነው የሚመስላቸው። ደግነቱ የኪቦርድ አቀማመጡን ወደ አቪድ ወይም ፕሪሚየር መቀየር ይቻላል፣ እጅ ይለምዳል። ቆረጣን ከፕሮግራም ወደ ፕሮግራም በሚያሻግሩት በኤኤኤፍ ወይም በኤክስኤምኤል ፋይሎች የመጣ ቆረጣም ይገባል፤ የሚጠፉት የስም ጽሑፎች፣ የፍጥነት ለውጦችና ኤፌክቶቹ ናቸው። ስለዚህ ከፋይሉ ጋር ታይምኮድ (የእያንዳንዱ ፍሬም የሰዓት ቁጥር) የታተመበት የሙሉ ፊልሙ ማጣቀሻ ቪዲዮ ይጠየቅ፤ ሪዞልቭ ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ ያሳያል፣ የተንሸራተተው ቆረጣ ወዲያው ይያዛል። ለመማር ደግሞ ድርጅቱ ራሱ የመለማመጃ ፉቴጅ ያላቸውን መማሪያዎችና ፈተናውን በነፃ ይሰጣል፤ ከብዙ የሚከፈልባቸው ኮርሶች ይሻላል።

ስቱዲዮውን ለመግዛት ከወሰናችሁ ፈቃዱ ሁለት ዓይነት ነው። የቁጥር ቁልፉ በአንድ ጊዜ በሁለት ኮምፒውተር ላይ ይሠራል፤ ለዴስክቶፕና ለላፕቶፕ ይበቃል። ዩኤስቢ ዶንግሉ ከማሽን ማሽን ይዞራል፣ ከጠፋ ግን ፈቃዱም አብሮት ጠፋ። ከብላክማጂክ ፖኬት ካሜራዎች አንዱን አዲስ የሚገዛ ሰው ቁልፉን በካርቶኑ ውስጥ ያገኘዋል፤ ያገለገለ ካሜራ ስትገዙ ቁልፉ ጥቅም ላይ ውሎ እንደሆነ ሻጩን ጠይቁ። እስካሁን አዳዲስ ስሪቶች ለገዙ ሰዎች በነፃ ነው የሚወጡት። የወጣውን ሁሉ ወዲያው መጫን ግን አይገባም፤ ፕሮጀክቱ አንዴ በአዲሱ ስሪት ከተከፈተ ወደ አሮጌው አይመለስም፣ በሌላ ማሽን ያለው ባልደረባችሁም ሊከፍተው አይችልም። ፊልሙ ተጠናቆ እስኪወጣ በያዛችሁት ስሪት ቆዩ፤ ቡድኑም ሁሉ እስከ ነጥቡ ቁጥር ድረስ አንድ ዓይነት ስሪት ይጫን።